ስማቸው የገነነ፣ ሥራቸው ያልተመዘገበ፦ ዘመናዊ ሠዓሊዎቻችንና የመጽሐፋቸው ጥያቄ

ገብረ ክርስቶስ ደስታ፣ እስክንድር ቦጎስያን፣ አፈወርቅ ተክሌ። ስለ ኢትዮጵያ ዘመናዊ ሥዕል በተወራ ቁጥር እነዚህ ሦስት ስሞች መነሣታቸው አይቀርም። ይሁን እንጂ «ገብረ ክርስቶስ በሕይወት ዘመናቸው ምን ያህል ሥዕል ሠሩ? እያንዳንዱ ዛሬ የት ነው? መቼ፣ በምን ቀለም፣ በምን ላይ ተሠራ?» ብሎ ለሚጠይቅ ተማሪ አንድ መጽሐፍ ከመደርደሪያ አውርዶ «ይኸው» ማለት ያስቸግራል። ስማቸውን ሁሉም ያውቃል፤ ሥራቸው ግን በየሰዉ ሳሎን፣ በየመሥሪያ ቤቱ ግድግዳና በባሕር ማዶ ሙዚየሞች መጋዘን ተበታትኗል።

የሠዓሊዎቻችን ሥራ በመጽሐፍ ይሰነድ የሚለው ጥያቄ ረጅም ዕድሜ አለው። አንድ ታላቅ ሠዓሊ ሲያርፍ ይነሣል፤ ለቅሶው ሲያበቃ አብሮ ይረሳል። ይህ ጽሑፍ ጥያቄው ከየት እንደ መጣ፣ ለምን መልስ እንዳጣና ምን ማድረግ እንደሚቻል ያብራራል። በተለየ ካልተጠቀሰ በቀር ዓመታቱ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

አራት ዓይነት ኅትመት

ስለ አንድ ሠዓሊ የሚታተሙ ነገሮች በአራት ሊከፈሉ ይችላሉ። የመጀመሪያው በአዲስ አበባ ጋለሪዎች የምናውቀው ብሮሸር ነው። በመክፈቻው ዕለት በር ላይ ይታደላል፤ አጭር የሕይወት ታሪክ፣ ጥቂት ፎቶግራፎችና ከአንድ ወዳጅ የተጻፈ መግቢያ ይይዛል። ሁለተኛው የዓውደ ርእይ ካታሎግ ነው፤ በአንድ ወቅት አንድ ቦታ የተሰቀሉትን ሥራዎች በሙሉ ከነመለኪያቸው ይመዘግባል፤ ባለሙያዎች የጻፏቸውን ጥናቶችም ይጨምራል። ሦስተኛው የአንድን ሠዓሊ ሕይወትና ሥራ ከጥንት እስከ ፍጻሜ የሚተነትን ጥናታዊ መጽሐፍ ነው።

አራተኛው ከሁሉም የከበደ ነው። ፈረንሳዮች «ካታሎግ ሬዞኔ» ይሉታል፤ የአንድ ሠዓሊ ሥራዎች በሙሉ የሚሰፍሩበት መዝገብ ማለት ነው። ለእያንዳንዱ ሥራ ተራ ቁጥር ይሰጠዋል። ከቁጥሩ ሥር ርእሱ፣ የተሠራበት ዓመት፣ ቀለሙና የተሣለበት ነገር፣ ቁመቱና ስፋቱ፣ ፊርማው የት እንዳለ፣ ከሠዓሊው እጅ ወጥቶ በማን በማን እጅ እንዳለፈ፣ የት የት ዓውደ ርእይ ላይ እንደ ቀረበና በየትኛው ኅትመት ላይ እንደ ወጣ ይዘረዘራል። ክርስቲያን ዜርቮስ የፒካሶን ሥራዎች የመዘገበበት የዚህ ዓይነት ካታሎግ የመጀመሪያ ቅጽ በ1932 ታተመ። የመጨረሻው፣ 33ኛው ቅጽ፣ የወጣው በ1978 ነው። ያኔ ሠዓሊውም አዘጋጁም በሕይወት አልነበሩም። ከ16,000 በላይ ሥራዎች በዚያ መዝገብ ውስጥ ይገኛሉ።

መዝገብ ምን ይሠራል?

የመዝገብን ጥቅም ከቫን ጎኽ ታሪክ የተሻለ የሚያሳይ አይገኝም። ቪንሰንት ቫን ጎኽ በ1890 ሲሞት ሥዕሎቹ ገዢ የሌላቸው ያህል ነበሩ። ወንድሙ ቴዎም ስድስት ወር ሳይሞላ ተከተለው። ሥዕሎቹና በመቶዎች የሚቆጠሩ ደብዳቤዎች ሕፃን ልጅ ታቅፋ በቀረችው በቴዎ ሚስት፣ በዮሐና፣ እጅ ወደቁ። እሷም ሥዕሎቹን ጠበቀች፤ እየመረጠች ሸጠች፤ በ1905 በአምስተርዳም ትልቅ ዓውደ ርእይ አዘጋጀች፤ ደብዳቤዎቹንም በየቀናቸው አደራጅታ በ1914 አሳተመች። ዛሬ ዓለም የሚያውቀው ቫን ጎኽ ከብሩሹ ባልተናነሰ ከዚህች ሴት የሰነድ ሥራ የተገኘ ነው።

ታሪኩ ሌላም ገጽታ አለው። በ1928 ደ ላ ፋዬ የተባለ ሆላንዳዊ የቫን ጎኽን ሥራዎች በአራት ቅጽ መዝግቦ አሳተመ። በዚያው ዓመት በርሊን ውስጥ ለአንድ ዓውደ ርእይ ሥዕሎች ሲሰቀሉ፣ ኦቶ ቫከር ከተባለ ነጋዴ የመጡት ከእውነተኞቹ ጎን ሆነው ሲታዩ ልዩነታቸው ገሃድ ወጣ። ቫከር «ስሙ እንዲገለጽ ከማይፈልግ ሩሲያዊ የገዛኋቸው ናቸው» ይል ነበር። ሐሰተኞቹ ሥዕሎች ግን በደ ላ ፋዬ መዝገብ ውስጥ ገብተው ነበር። መዝጋቢው ስሕተቱን አልሸሸገም፤ በ1930 ስለ ሐሰተኛ ቫን ጎኾች ራሱን የቻለ መጽሐፍ አወጣ። ቫከርም በ1932 ተፈረደበት። ደ ላ ፋዬ ለእያንዳንዱ ሥራ የሰጠው ቁጥር እስከ ዛሬ በሙዚየሞችና በጨረታ ቤቶች ይሠራበታል።

ከዚህ የምንማረው ነገር ግልጽ ነው። መዝገብ ሊሳሳት ይችላል፤ ነገር ግን ስሕተቱ በጽሑፍ ስለ ሰፈረ ሊታረም ይችላል። መዝገብ በሌለበት አገር ግን አንድ ሥዕል ሐሰተኛ ነው ብሎ የሚከራከርም፣ እውነተኛ ነው ብሎ የሚሟገትም ሁለቱም ማስረጃ የላቸውም። ክርክሩ የሚያልቀው በእውቀት ሳይሆን በተናጋሪው ዝና ነው።

በአዲስ አበባ እንዴት ተጀመረ?

አፈወርቅ ተክሌ ከለንደን ትምህርታቸው ተመልሰው በ1954 በአዲስ አበባ ማዘጋጃ ቤት አዳራሽ የግል ዓውደ ርእያቸውን አሳዩ። በዚያው አሥርት ዓመት መጨረሻ አለ ፈለገ ሰላም፣ በቺካጎ የተማሩት ሠዓሊ፣ ዛሬ በስማቸው የሚጠራውን የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት መሠረቱ። ገብረ ክርስቶስ ከጀርመን ኮሎኝ፣ እስክንድር ከፓሪስ ተመልሰው በዚሁ ትምህርት ቤት አስተማሩ። የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴን ሽልማት አፈወርቅ በ1964፣ ገብረ ክርስቶስ በ1965፣ እስክንድር በ1967 ተቀበሉ።

በዚያን ጊዜ ስለ ሥዕል የሚጽፍ ሰው አልጠፋም ነበር። ገጣሚው ሰለሞን ደሬሳ ስለ ገብረ ክርስቶስና ስለ እስክንድር በእንግሊዝኛ መጽሔቶች ላይ ያወጧቸው ጽሑፎች እስከ ዛሬ የሚጠቀሱ ናቸው። ሲድኒ ሄድ ከገብረ ክርስቶስ ጋር ያደረገው ቃለ ምልልስ በ1969 «አፍሪካን አርትስ» በተባለው የአሜሪካ መጽሔት ላይ ወጥቷል። በዚያው ዓመት ደስታ ሐጎስ የግል ዓውደ ርእይ በማሳየት ከኢትዮጵያውያት ሴቶች ቀዳሚዋ ሆኑ። የመጽሔቱ ጽሑፍ ወደ መጽሐፍ፣ ብሮሸሩም ወደ ካታሎግ ሊያድግ የሚችልበት ዘመን ነበር።

የ1974ቱ አብዮት ያንን ዕድገት አቋረጠው። እስክንድር ቀደም ብለው ወደ አሜሪካ ተሻግረው ነበር፤ በዋሽንግተን ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ለብዙ ዓመታት አስተማሩ። ገብረ ክርስቶስ አገር ለቀው በ1981 በኦክላሆማ ግዛት ላውተን ከተማ አረፉ። ሰብሳቢዎች ተሰደዱ፤ ቤትና ንብረት ተወረሰ፤ ግድግዳ ላይ የነበረው ሥዕል ከባለቤቱ ጋር ወይ ወጣ ወይ ጠፋ። መዝገብ ቢኖር ኖሮ ያን ጊዜ የጠፋውን ዛሬ በስሙ ጠርቶ መፈለግ በተቻለ ነበር።

ሦስት ሠዓሊዎች፣ ሦስት ዕጣ

ገብረ ክርስቶስ ከሦስቱ በአንጻሩ ዕድለኛ ናቸው ማለት ይቻላል። በ2006 የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም ስለ ሠዓሊነታቸውና ስለ ገጣሚነታቸው የእንግሊዝኛ መጽሐፍ አሳተመ፤ ግጥሞቻቸውም በዚያው ጊዜ በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ፕሬስ በመጽሐፍ ወጡ። ጀርመን ውስጥ የቆዩ ሥዕሎቻቸው ወደ አገር ተመለሱ፤ በ2008 በዩኒቨርሲቲው ሥር በስማቸው የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ሙዚየም ተከፈተ። ከሞቱ ከሩብ ምዕተ ዓመት በኋላ መሆኑ ቢያሳዝንም ሥዕል፣ መጽሐፍና ሙዚየም በአንድ ወቅት ተገናኙ። ይህ የሆነው ተቋሙ፣ ዩኒቨርሲቲውና ጀርመናውያኑ ወዳጆች ለአንድ ዓላማ ስለ ተባበሩ ነው። መንገዱ ተሞክሮ የሠራ መሆኑን ከዚህ እናውቃለን።

የእስክንድር ነገር ሌላ ነው። በ1960ዎቹ አጋማሽ የፓሪስና የኒው ዮርክ የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ሙዚየሞች ሥራዎቻቸውን ገዝተዋል። በ1964 ከሠሯቸው አንዱ ሥዕል በኒው ዮርክ፣ ሌላው በሰሜን ካሮላይና ሙዚየም ይገኛል። ከሠዓሊዋና ገጣሚዋ ከበደች ተክለአብ ጋር የሠሩት ትልቅ ሥራ በዋሽንግተን የኢትዮጵያ ኤምባሲ ተተክሏል። በ2003 በስሚዝሶኒያን የአፍሪካ ሥነ ጥበብ ሙዚየም በውጭ ያሉ የኢትዮጵያ ሠዓሊዎች ዓውደ ርእይ ሲቀርብ የእሳቸውም ሥራ ተካትቶ ነበር፤ ካታሎጉም ታትሟል። እስክንድር ያረፉት በዚያው ዓመት ነው። ሥራቸውን በሙሉ ማየት የሚፈልግ ሰው ግን ሦስት አህጉር መዞር አለበት። የማስተማር ዘመናቸው ማስታወሻ፣ ንድፍና ደብዳቤም እንዲሁ በየሰዉ እጅ ነው።

አፈወርቅ በሕይወት ሳሉ ስለ ራሳቸው ሥራ መታተም ከሁሉም በላይ የተጉ ነበሩ። ቤታቸውን «ቪላ አልፋ»ን እንደ ሙዚየም አድርገው ሠሩት። በአፍሪካ አዳራሽ ያለውን 150 ካሬ ሜትር የሚሸፍነውን የመስታወት ሥዕል ያልሰማ የለም። ሆኖም ሥራቸው ሁሉ በአዳራሽ ውስጥ የተጠበቀ አይደለም። በሐረር አደባባይ ቆሞ የነበረው፣ ራስ መኮንንን በፈረስ ላይ የሚያሳየው ሐውልታቸው በ2020 በተነሣው ሁከት ፈርሷል። ስለ ሐውልቱ የሚኖረን የፖለቲካ አመለካከት ምንም ይሁን ምን፣ ሥራው እንዴት እንደ ታሰበ፣ ንድፉ ምን እንደሚመስል፣ ምን ያህል ቁመት እንደ ነበረው ለማወቅ ከእንግዲህ ያለን ሰነድ ብቻ ነው። ነሐስና ድንጋይ እንኳ ዘላለማዊ አይደሉም።

የዛሬዎቹ፦ መጽሐፉ አለ፣ እኛ ጋ ግን የለም

ስለ ዛሬዎቹ ታዋቂ ሠዓሊዎች መጽሐፍ የለም ማለት አይቻልም። በ1970 በአዲስ አበባ የተወለዱት ጁሊ ምህረቱ በ2019 በሎስ አንጀለስ የተከፈተ፣ ቀጥሎም በአትላንታ፣ በኒው ዮርክና በሚኒያፖሊስ የዞረ ትልቅ ዓውደ ርእይ ነበራቸው፤ አብሮት የታተመው ካታሎግ የሃያ ዓመት ሥራቸውን የሚያሳይ ወፍራም መጽሐፍ ነው። በ2023 አንድ ሥዕላቸው በኒው ዮርክ ጨረታ ከ10 ሚሊዮን ዶላር በላይ ተሽጧል። ያ ዋጋ በአንድ ቀን አልመጣም፤ ከጀርባው በእያንዳንዱ ዓውደ ርእይ የታተሙ ካታሎጎች፣ ጥናቶችና ቃለ ምልልሶች ተደርድረዋል።

ኤልያስ ስሜ ነዋሪነታቸው አዲስ አበባ ነው። ከመርካቶ በሚሰበሰብ የኮምፒውተርና የስልክ ስብርባሪ፣ በተጠላለፈ ሽቦና ቺፕ ግዙፍ ሥራዎች ይሠራሉ። ዋናው የሥራቸው መጽሐፍ ግን በ2019 በኒው ዮርክ ግዛት ከሚገኝ የኮሌጅ ሙዚየም ዓውደ ርእይ ጋር የወጣ ነው። ተስፋዬ ኡርጌሳ በ2024 ኢትዮጵያ ለመጀመሪያ ጊዜ የራሷን ድንኳን በከፈተችበት የቬኒስ ቢያናሌ አገራቸውን ወክለዋል። ስለ ሥራቸውም በጀርመን፣ በጣሊያንና በእንግሊዝ ተጽፏል።

እነዚህ መጻሕፍት ታላቅ ሥራ ናቸው፤ የጻፏቸውም ሊመሰገኑ ይገባል። ችግሩ ያለው የት እንደሚገኙና በምን ቋንቋ እንደ ተጻፉ ነው። የኤልያስ ሽቦ ከመርካቶ ቢወጣም የመርካቶ ልጅ ስለዚያ ሥራ የተጻፈውን ሊያነብ አይችልም፤ መጽሐፉ በእንግሊዝኛ ነው፤ የሚሸጠው በውጭ ምንዛሪ ነው፤ የሕዝብ ቤተ መጻሕፍት ውስጥ ማግኘትም አይታሰብም። አጠቃላይ ታሪኩን በተመለከተ ኤልሳቤጥ ወልደ ጊዮርጊስ በ2019 ስለ ኢትዮጵያ ዘመናዊ ሥነ ጥበብ ያሳተሙት ጥናት ትልቅ እመርታ ነው። እሱም ቢሆን የታተመው በአሜሪካ የዩኒቨርሲቲ ፕሬስ ነው። በአማርኛ የሚያነበው ሕዝብ ስለ ገዛ ሠዓሊዎቹ ከሚደረገው ውይይት ውጭ ሆኗል።

ለምን አልተቻለም?

አንደኛው ምክንያት ገንዘብ ነው። የሥዕል መጽሐፍ እንደ ልብ ወለድ አይታተምም። እያንዳንዱ ሥዕል ልምድ ባለው ሰው፣ በትክክለኛ ብርሃን፣ ቀለሙ ሳይዛባ ፎቶግራፍ መነሣት አለበት። ወረቀቱ ከውጭ የሚገባ ነው፤ ማተሚያ ቤቱም ቀለሙን ከዋናው ጋር እያስተያየ ደጋግሞ መሞከር ይጠበቅበታል። ገዢው ጥቂት ስለሆነ ኅትመቱ አነስተኛ፣ የአንዱ ቅጂ ዋጋም ከፍተኛ ይሆናል። በሌላው ዓለም ይህን ወጪ የሚሸፍኑት ሙዚየሞች፣ ፋውንዴሽኖችና ጋለሪዎች ናቸው።

ሁለተኛው መብት ነው። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች አዋጅ ቁጥር 410/1996 (በኢትዮጵያ አቆጣጠር) የሠዓሊው መብት በሕይወት ዘመኑና ከሞተ በኋላ ለ50 ዓመት እንዲጠበቅ ይደነግጋል። ስለዚህ የገብረ ክርስቶስ ሥራዎች መብት እስከ 2031፣ የእስክንድር እስከ 2053፣ የአፈወርቅ እስከ 2062 ይዘልቃል። ሥዕል የገዛ ሰው ሸራውን እንጂ አባዝቶ የማሳተምን መብት አልገዛም። ብዙዎች ይህን ስለማያውቁ ገዢው ራሱን ባለመብት ያደርጋል፤ ቤተሰቡ ቅር ይለዋል፤ አሳታሚው በመሃል ይፈራል። ወራሾች በተለያየ አገር ሲኖሩ ደግሞ የፈቃድ ደብዳቤ ማግኘቱ ብቻ ዓመታት ይወስዳል።

ሦስተኛው የመረጃው ባሕርይ ነው። ሠዓሊዎቻችን ዓመቱን አንዴ በኢትዮጵያ፣ አንዴ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ይጽፋሉ። በአንድ ሥዕል ጥግ «1955» የሚል ቢገኝና ሥዕሉ የገብረ ክርስቶስ ቢሆን፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ከተነበበ ሠዓሊው ጀርመን ከመሄዳቸው በፊት የሠሩት ይሆናል፤ በኢትዮጵያ ከተነበበ ደግሞ ከተመለሱ በኋላ። የሰባትና የስምንት ዓመት ልዩነት የሠዓሊውን የዕድገት ታሪክ ይገለብጠዋል። በውጭ ቤተ መጻሕፍት ደግሞ አንዱ በራሳቸው ስም፣ ሌላው በአባታቸው ስም ስለሚመዘግብ፣ የአንድ ሰው ሥራ የሁለት ሰው መስሎ ይቀመጣል። ይህን የሚያቃናው አገሩን፣ ፊደሉንና ዘመን አቆጣጠሩን የሚያውቅ ባለሙያ ነው።

የሚነሡ ክርክሮች

በዚህ ጉዳይ የሚደመጡት አስተያየቶች ሦስት ናቸው። አንዳንዱ «መጀመሪያ ሥዕሉ የሚጠበቅበት ብሔራዊ ጋለሪ ይኑር፤ መጽሐፍ ከዚያ በኋላ ይደርሳል» ይላል። ሥጋቱ ተገቢ ነው፤ በእርጥበትና በአቧራ የሚበላሽ ሸራ ብዙ ነው። ግን መዝገብ ሕንፃ አይጠብቅም። እንዲያውም የት ምን እንዳለ ሳይታወቅ የሚሠራ ጋለሪ ምን እንደሚሰበስብ አያውቅም።

ሌላው «ጋለሪዎች እያሳተሙ አይደለም ወይ?» ብሎ ይጠይቃል። በ2016 በአዲስ አበባ የተመሠረተውን፣ በኋላም ለንደን ቅርንጫፍ የከፈተውን አዲስ ፋይን አርትን የመሰሉ ጋለሪዎች የሠዓሊዎቻችንን ስም በዓለም ገበያ ማስተዋወቃቸው ትልቅ አስተዋጽኦ ነው። ይሁንና ሻጭ የሚያሳትመው መጽሐፍ ለሚሸጠው ሥራ ያደላል። ያልተሸጠው፣ የጀማሪነት ዘመኑ፣ የተሳሳተው ሙከራ ሁሉ የሚገባበት ገለልተኛ መዝገብ ከዩኒቨርሲቲ ወይም ከሙዚየም መምጣት አለበት።

ሦስተኛው አስተያየት ለመታተም የሚበቃው ማን ነው የሚለው ነው። እስካሁን የተጻፈው ባብዛኛው ስለ ጥቂት ወንድ ሠዓሊዎች ነው። እንደ ደስታ ሐጎስ ያሉ ቀዳሚ ሴቶች፣ በየክፍለ ሀገሩ ያስተማሩ መምህራን፣ ዓለም አቀፍ ዝና ያልደረሳቸው የግራፊክ ሠዓሊዎች ወደ ጎን ይቀራሉ። ሰነድ ዝናን ብቻ ከተከተለ ታሪካችን የገበያ ታሪክ ይሆናል።

የአፍሪካ ጎረቤቶቻችን ምሳሌ እዚህ ላይ ይጠቅመናል። ስለ ናይጄሪያዊው ቤን ኤንዎንዉ በ2008 ጥልቅ ጥናት ያሳተመው ራሱ ናይጄሪያዊ ምሁር ነው። ስለ ሱዳናዊው ኢብራሂም ኤል ሳላሂ በ2012 የወጣውን መጽሐፍ ያዘጋጀው ሱዳናዊው ምሁር ሳላህ ሐሰን ነው፤ ዓውደ ርእዩ በ2013 በለንደን ቴት ሞደርን ቀርቧል። የኤንዎንዉ «ቱቱ» የተባለች ሥዕል ለአሥርት ዓመታት ጠፍታ ቆይታ በ2017 በለንደን አንድ መኖሪያ ቤት ውስጥ ስትገኝ፣ ምን እንደሆነች ወዲያው የታወቀው የሥራው ታሪክ አስቀድሞ የተጠና ስለሆነ ነው። በቀጣዩ ዓመት በ1.2 ሚሊዮን ፓውንድ ተሸጠች።

ከየት ይጀመር?

ሙሉ መዝገብ የአሥርት ዓመታት ሥራ ነው። ጅማሬው ግን ብዙ ገንዘብ አይጠይቅም። ጋለሪዎችና የባህል ማዕከላት ከእያንዳንዱ ዓውደ ርእይ ብሮሸር ሁለት ሁለት ቅጂ ለብሔራዊ ቤተ መዛግብትና ቤተ መጻሕፍት፣ ለወመዘክር፣ ቢያስረክቡ፣ ከሃያ ዓመት በኋላ የሚመጣው ተመራማሪ መነሻ ያገኛል። ሠዓሊዎች ሥራቸው ከስቱዲዮ ሳይወጣ ፎቶግራፍ አንሥተው፣ መለኪያውንና የገዢውን ስም ደብተር ላይ ቢያሰፍሩ፣ ዓመቱንም በየትኛው አቆጣጠር እንደ ጻፉት ቢገልጹ፣ የመዝገቡ ግማሽ ተሠራ ማለት ነው። ባንኮች፣ ሆቴሎችና መሥሪያ ቤቶች ግድግዳቸው ላይ ያለውን ሥዕል ዝርዝር ይፋ ለማድረግ ፈቃድ እንጂ በጀት አያስፈልጋቸውም። በዋሽንግተን፣ በኮሎኝና በፓሪስ የሚኖሩ ሰብሳቢዎች ደግሞ የያዙትን ሥዕል ፊትና ጀርባ አንሥተው ለዩኒቨርሲቲው ሙዚየም ቢልኩ ለአገራቸው ትልቅ ውለታ ይውላሉ። የሚታተመው ሁሉ ከእንግሊዝኛው ጎን አማርኛውን እንዲይዝ ሥራውን የሚደግፉ አካላት ከመጀመሪያው ሊያስገድዱ ይገባል።

ከሁሉ የሚቀድመው ግን ሰው ነው። በ1960ዎቹ በሥነ ጥበብ ትምህርት ቤቱ በገብረ ክርስቶስና በእስክንድር እጅ የተማሩት ዛሬ ሰማንያ ዓመት የሞላቸው ወይም የተቃረባቸው ናቸው። የትኛው ሥዕል በየትኛው ክፍል እንደ ተሣለ፣ ማን እንደ ገዛው፣ ሠዓሊው ስለ ሥራው ምን ብሎ እንደ ነበር የሚያስታውሱት እነሱ ናቸው። የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤቱ የመመረቂያ ዓመት ተማሪዎች ድምፅ መቅጃ ይዘው ቤታቸው ሄደው ቢያነጋግሯቸው፣ ለወደፊቱ መዝገብ የመጀመሪያውን ምዕራፍ ጻፉ ማለት ነው። ሸራን ከመጋዘን ማውጣት ነገም ይቻላል፤ ከእነዚህ አዛውንቶች ጋር ያለውን ለማግኘት ግን ያለን ጊዜ አጭር ነው።